የአናጢው ቤት ነቢይ

አንድ ሰኞ ጠዋት፣ ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ ወደሚገኝ አናጢ ቤት አርባ ዓመት ገደማ የሚሆናት ሴት ቦርሳዋን አንጠልጥላ ገባች። ቀኑ የሥራ ቀን ቢሆንም የመጋዙ ማሽን ጸጥ ብሏል። ሦስት ሠራተኞች የጣውላ ክምር ላይ ተቀምጠው መሬት መሬቱን ያያሉ። ሁሉም «ጋሼ» የሚሏቸው የቤቱ ጌታ፣ ስድሳ ሦስት ዓመት የሞላቸው አናጢ፣ እርሳሳቸውን ጆሯቸው ላይ ሰክተው አንዷን ሳንቃ ለሦስተኛ ጊዜ ይለካሉ፤ የለኩት ግን ከአእምሯቸው ወዲያው ይጠፋል።

«እንደምን አደሩ? አንድ ረጅም መቀመጫ ላሠራ ነበር» አለች ሴትዮዋ።

«እግዜር ይመስገን፣ እንደምን አደርሽ ልጄ። ለመቀመጥ ነው ወይስ ለመተኛት?»

«ተኝቶ ለማውራት።»

አናጢው በዚያ ሁሉ ጭንቀት ውስጥ ሆነው እንኳ ፈገግ ማለት ቃጣቸው። «አርባ ዓመት እንጨት ስሠራ እንዲህ ያለ ትእዛዝ መጥቶልኝ አያውቅም። ተኝቶ የሚያወራ ወይ የታመመ ነው ወይ የጠጣ።»

«የኔ ሥራም ከታመመ ሰው ጋር ነው። የሥነ ልቦና ሐኪም ነኝ። ሰው ጋደም ብሎ የፈራውን፣ ያየውን ሕልም፣ አፉ ላይ የመጣለትን ሁሉ ይነግረኛል፤ እኔ ከራስጌው ተቀምጬ አዳምጣለሁ። ሳይኮአናሊሲስ ይሉታል።»

ሕልም የሚለውን ቃል ሲሰሙ ሜትሩ ከአናጢው እጅ ወደቀ። ወዲያውም ከአናጢ ቤቱ ጀርባ ካለው መኖሪያ ክፍል የሴት ሲቃ ተሰማ። ሠራተኞቹ ብድግ አሉ፤ ምን እንደሚያደርጉ ጠፍቷቸው ተመልሰው ተቀመጡ።

«ማን ነው የታመመው?»

«ልጄ ናት» አሉ አናጢው። «አንድ ያለችኝ ልጅ።»

አናጢው ነገሩን አጫወቷት፤ እንዲህ ነው። ከሁለት ወር በፊት የአናጢው የእህት ልጅ፣ ከአፉ ቃል ስለማይወጣ ሠራተኞቹ «ዝምታ» የሚሉት የሃያ ስድስት ዓመት ወጣት፣ ጠዋት ወደ ሥራ ሲገባ «በመጋዙ ጠረጴዛ ላይ ደም አየሁ፤ በሕልሜ» አለ። ሳቁበት። በሦስተኛው ቀን የማሽኑ ቀበቶ ተበጥሶ የአንዱ ሠራተኛ ሁለት ጣቶች ሄዱ። ከዚያ ወዲህ የሚስቅ ጠፋ። የሰፈሩ ሰው «ነቢዩ» ይለው ጀመር። ልጇን ሩቅ አገር የምትልክ እናት እሱን ሳታማክር አትልክም፤ ቤት የሚቀይር ሰው እሱን ሳያማክር አይቀይርም። መልስ ሳይሰጣቸው ሲቀር ዝምታውን ይተረጉሙታል።

በዚህ መሀል የአናጢው ልጅ በሐሞት ጠጠር ታመመችና ሐኪሞች ለቀዶ ጥገና ቀጠሯት። ዓርብ ዕለት ዝምታ ፊቱ አመድ መስሎ መጣ። «ጋሼ፣ ሳጥን አየሁ። የሬሳ ሳጥን። እርስዎ ይመታሉ፤ እኔ ምስማር አቀብላለሁ።» አናጢው በዚያው ሰዓት ሄደው ቀጠሮውን አሰረዙ። ከዚያን ቀን ጀምሮ በዚያ ቤት መዶሻ አልተነሣም። አናጢው ጣውላ ባዩ ቁጥር የልጃቸው ቁመት ይታያቸዋል።

«ሐኪሙስ ምን አለ?» ብላ ጠየቀች እንግዳዋ።

«ከዘገየ ይፈነዳል አለ። ብትገባ ሞት፤ ባትገባ ሞት። ወዴት ልሂድ?»

«ሕልሙን ግን አመኑበት?»

«ልጄ፣ ሁለት ጣት ሰጋቱራ ላይ ወድቆ በዓይኔ አይቻለሁ። ከዚህ ወዲያ ምን ማስረጃ ልፈልግ?»

«ጣቶቹ መቆረጣቸውን አልክድም። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅዎ። ቀበቶው ሳይበጠስ በፊት የማሽኑ ድምፅ እንዴት ነበር?»

«እንደ ወትሮው» አሉ አናጢው ቆጣ ብለው። ከሠራተኞቹ አንዱ ጉሮሮውን ጠረገ።

ሐኪሟ የተገለበጠ ሣጥን ስባ ተቀመጠች። «ጋሼ፣ ሰው የሚያውቀውን ሁሉ ማወቁን አያውቅም። ጆሮ ሰምቶት አፍ የፈራው ነገር አይጠፋም፤ ወደ ውስጥ ይገባል። ስንተኛ፣ የአእምሯችን ጠባቂ ሲያንቀላፋ፣ መልኩን ለውጦ ይወጣል። ብዙ ጊዜ ሕልም የምንለው ይሄንን ነው።»

«ታዲያ በቅዱሳት መጻሕፍት ያሉት ነቢያትስ? እነሱም የፈሩትን ነው ያለሙት ልትዪኝ ነው? ተጠንቀቂ ልጄ። በዚህ ዕድሜዬ ከፈጣሪ ጋር አታጣዪኝ።»

«ሰማይን የምመዝንበት ሚዛን የለኝም። ፈጣሪ ለማን እንደተናገረ ልፈርድ እኔ ማን ነኝ? የኔ ሥራ ከሰው ልብ ጋር ነው። ግን እርስዎ ራስዎ ያስቡት። ስለ ነቢያቱ ከልጅነትዎ ጀምሮ ሰምተዋል። ሥራቸው ምን ነበር? የነገውን መናገር ብቻ ነበር?»

«ንጉሥን ይገሥጹ ነበር» አሉ አናጢው።

«አዎ። ድሃ እየተበደለ መሆኑን ሁሉም ያውቃል፤ ፊት ለፊት የሚናገር ግን የለም። እነሱ ይናገራሉ፤ ስለ ተናገሩም ይሰደዳሉ። የዛሬ ሰው ከነቢይ የሚፈልገው ግን ሌላ ነው። ሕፃን ሳለን አባታችን ሁሉን የሚያውቅ ይመስለን ነበር። ስንፈራ እጁን እንይዛለን። አድገንም ያንን አባት መፈለግ አንተውም። ሲጨንቀን አንዱን ምስኪን እንይዝና ‹አንተ ታውቃለህ፤ ንገረን› እንለዋለን። እሱ ምን እንደሚሰማው የሚጠይቀው የለም።»

ይህ ንግግር አናጢውን ቅር አላቸው። የተማረ ሰው ሁሉን ነገር ከሰው ሆድ ቆፍሮ ማውጣት ይወዳል ሲሉ አሰቡ። ነገር ግን የእህታቸውን ልጅ ምን እንደሚሰማው አንድም ቀን አለመጠየቃቸው እውነት ነበር። «ጥሩት» አሉ።

ዝምታ ከእንጨት ማከማቻው ወጣ። ዓይኑ ቀልቷል። የግራ እጁ ጣቶች በጥቃቅን ቁስል ተሞልተዋል።

«እጅህን ምን ነካህ ወንድሜ?» አለች ሐኪሟ።

«በመርፌ እወጋዋለሁ። እንቅልፍ እንዳይወስደኝ። ከተኛሁ ሌላ ሰው የምገድል ይመስለኛል። እኔ ነቢይ አይደለሁም። ንገሩልኝ። መንገድ ላይ ሰው ሲያየኝ ይሸሻል፤ ወይ እግሬ ሥር ይወድቃል።»

«ካልፈለግህ አትመልስልኝ። ከመጀመሪያው ሕልምህ በፊት ማሽኑ ላይ ያየኸው ነገር ነበር?»

ወጣቱ አጎቱን አየ። አናጢው «ተናገር» በሚል ራሳቸውን ነቀነቁ።

«ሳምንት ሙሉ ያፏጭ ነበር። ቀበቶው ዳር ዳሩ ተበልቶ አይቼዋለሁ።»

«ምነው ታዲያ አልነገርከኝ?» ብለው ጮኹ አናጢው።

«በፊት የመጋዙ ጥርስ ዶልዱሟል ብዬዎት ነበር፤ ‹ትናንት ሰጋቱራ ስትጠርግ የነበርክ ዛሬ ልታስተምረኝ ነው?› አሉኝ። በሰው ፊት።»

«እኔም ፉጨቱን ሰምቼ ነበር ጋሼ» አለ ጉሮሮውን የጠረገው ሠራተኛ። «ፈርቼ ነው።»

አናጢው በቤታቸው የሚፈሩት እሳቸው መሆናቸውን የሰሙት ያን ቀን ነው።

«ሳጥኑስ?» አለች ሐኪሟ ዝግ ብላ። «ምን ይመስላል?»

«ነጭ እንጨት ነው። ክዳኑ ላይ ግን አንዷ ሳንቃ ጥቁር ናት። ጣውላው አልበቃ ብሎ ይመስለኛል። ምስማሩ ትልልቅ ነው… አይ፣ እጄ ነው ትንሽ የሆነው። የልጅ እጅ ነው።»

አናጢው የመጋዙን ጠረጴዛ ይዘው ቀስ ብለው ተቀመጡ።

«ያ ሳጥን ተሠርቶ አልቋል» አሉ። «ዐሥራ ሰባት ዓመት ሆነው።»

አናጢው ወደ እህታቸው ልጅ ቀና አሉ።

«የእናቱ ነው። እህቴ ቀዶ ጥገና ገብታ ሳትወጣ ቀረች። በዚያ ቀን ጣውላ አልበቃኝ ብሎ ከአሮጌ በር ላይ ጥቁር ሳንቃ ነቅዬ ጨመርኩ። እሱ ዘጠኝ ዓመቱ ነበር። ሊያለቅስ ሲል ‹ወንድ ነህ፤ ና ምስማር አቀብለኝ› አልኩት። ካልተሰበረ ይሻለዋል ብዬ ነው። ከዚያ በኋላ በዚህ ቤት ስሟን አንሥተን አናውቅም።»

«አስታውሰኸው ታውቃለህ?» አለችው ሐኪሟ። ዝምታ ራሱን ወዘወዘ።

«ሕልሙ አልዋሸም ጋሼ» አለች ሐኪሟ። «ያየው ግን የሄደውን እንጂ የሚመጣውን አይደለም። ቀዶ ጥገና ሲባል ያ ያላለቀሰ ሕፃን ውስጡ ነቃ።»

«ብትሞትስ?» አሉ አናጢው። «ማረጋገጫ ስጪኝ።»

«አልሰጥዎትም። ብሰጥዎ ሌላ ነቢይ ሆንኩ ማለት ነው። አላውቅም። ይህን ከቀዶ ሐኪሙ ጋር ሆነው ይመዝኑት። ከፍርሃት ሁሉ የሚከብደው አለማወቅን መሸከም ነው፤ እርስዎም እኔም እንሸከመዋለን።»

በዚህ ጊዜ የጀርባው በር ተከፈተ። የአናጢው ልጅ ጎኗን ይዛ፣ ግድግዳውን ተደግፋ ቆማለች።

«አባዬ፣ ሁሉንም ሰምቻለሁ» አለች። «ስለ እኔ ሞት ስትጨቃጨቁ አራት ቀን ሆናችሁ። ምን እንደምፈልግ የጠየቀኝ አለ? መዳን እፈልጋለሁ። እፈራለሁ፤ ግን እገባለሁ።»

አናጢው ሐኪሟን አላዩም፤ የእህታቸውን ልጅም አላዩም። «መኪና ጥሩ» አሉ።

በማግስቱ ረፋድ ላይ ልጅቱ ቀዶ ጥገና ክፍል ገባች። አናጢውና ዝምታ በኮሪደሩ አግዳሚ ላይ ጎን ለጎን ተቀመጡ። በር በተከፈተ ቁጥር ሁለቱም ብድግ ይላሉ። ነርስ አለፈች፤ የመድኃኒት ጋሪ አለፈ፤ በነጭ ጨርቅ የተሸፈነ ሰው በአልጋ ተገፍቶ ሲያልፍ አናጢው ዓይናቸውን ጨፈኑ። በዚህ መካከል ዝምታ «እናቴ ድምፅዋ እንዴት ነበር?» አላቸው። አናጢው ሊመልሱ አፋቸውን ከፈቱና እንባቸው ቀደማቸው። ዐሥራ ሰባት ዓመት የታፈነ ለቅሶ በዚያ አግዳሚ ላይ ወጣ። ከዚያ አወሩለት፤ ስትስቅ ጎረቤት ሁሉ ይሰማ እንደነበር፣ እሱን አዝላ ጣውላ ትለካላቸው እንደነበር።

ቀዶ ሐኪሙ ከሦስት ሰዓት በኋላ ወጣ። «ደህና ናት» አለ። «የሐሞት ከረጢቱ ግን እንደ ወረቀት ስስ ሆኖ ነበር። ሁለት ቀን ብትቆዩ ኖሮ አናገኛትም ነበር።»

ከዚያ ወዲህ በአናጢው ቤት ብዙ ነገር ተለወጠ። መጋዙ የብረት መከለያ ተሠራለት። ዝምታ በሳምንት አንድ ቀን ከሐኪሟ ዘንድ እየሄደ፣ ባሠራችው መቀመጫ ላይ ጋደም ብሎ ይነጋገራል፤ እንቅልፉም ተመለሰ። ትንቢት የሚጠይቁ እናቶች ሲመጡ «እናቴ፣ እኔ አናጢ ነኝ። ምን አስጨነቀዎት? እንነጋገር» ይላል፤ አብዛኞቹም የጨነቃቸውን ተናግረው ቀለል ብሏቸው ይሄዳሉ። አናጢው ጸሎታቸውን አልተዉም፤ ሐኪሟም ይተዉ አላለችም። ነገር ግን ሕልም ያስፈራው ሰው ነገን ከማስላት በፊት ትናንቱን ቢጠይቅ፣ ታናሽ የፈራውን ለታላቁ የሚናገርበት ቤት ቢኖረው፣ ስንት ጣት፣ ስንትስ ነፍስ በዳነ ነበር! አናጢው ይህን ስለገባቸው አዲስ ሥርዓት አወጡ፤ ሰኞ ሰኞ ማሽኑ ሳይነሣ ሁሉም ክብ ሠርቶ ያየውንና የሠጋበትን ይናገራል። ማንም አይስቅበትም፤ ማንም አይቆጣውም።

ከእነዚህ ሰኞዎች በአንዱ የሁሉም ተራ አልቆ የዝምታ ተራ ብቻ ቀረ። ተነሥቶ ቆመ፤ ወደ አጎቱ አይቶ ዓይኑን መለሰ። ሠራተኞቹ የድሮው ፍርሃት ተመልሶ ወረራቸው። ሕልም አየ ይሆን?

«ጋሼ» አለ በመጨረሻ። «ሕልም አይደለም። ሳልተኛ ነው ያየሁት። ቀኝ እጅዎ መንቀጥቀጥ ጀምሯል። ከእንግዲህ መጋዙ ጋ ባይቆሙ።»

አናጢው ቀኝ እጃቸውን ወደ ብርሃኑ አንሥተው አዩት። ይንቀጠቀጣል። ለወራት ያውቁት ነበር። ፊታቸው ቀላ፤ ከንፈራቸው ተከፈተ፤ ሠራተኞቹ አንገታቸውን ደፉ።

አናጢው የቆዳ ሽርጣቸውን ቀስ ብለው ፈቱና ለእህታቸው ልጅ አቀበሉት።

«እግዜር ይስጥህ» አሉ። «አንተ ቁምበት።»