አሮጌው ቴሌቪዥን እንዳይነቀል

ዛሬ ሰኔ አሥራ ስምንት ነው። እውነቱን ለመናገር፣ ሰው ፊት ቆሜ ስናገር ይህ የመጀመሪያዬ ነው። ክቡራትና ክቡራን፣ ሥራ አቁማችሁ ልትሸኙኝ ስለተሰበሰባችሁ አመሰግናለሁ። ድምፄ የማይሰማው ካለ ይጠጋ፤ ከዚህ በላይ መጮህ አልችልም።

የምታውቁኝ በመገናኛ ሬዲዮ ነው። መኪና ወደ መጋዘኑ በኋላው ሲገባ ሹፌሩ ከኋላው ያለውን አያይም። እኔ ከላይኛው ክፍል በቴሌቪዥን እያየሁ «ና፣ ና፣ ና... ቁም!» እላለሁ። ሻለቃ የምንላቸው ዘበኛችን መኪናው በሚገባበት በር ጥግ በርሜላቸው ላይ ይቀመጣሉ። «አንቺ ልጅ፣ ከሬዲዮ ውጭ አፍ የለሽም እንዴ?» ይሉኛል።

ከዚያ ቪዲዮ ሰርቨር የምትባለው ትንሽ ሣጥን መጣች። የነባሮቹን አናሎግ ካሜራዎች ገመድ ከኋላዋ ትቀበልና ምስሉን ወደ ቁጥር ቀይራ በኔትወርክ ወደ ኮምፒውተር ትልካለች። ሥራ አስኪያጃችን ቢሮአቸው ተቀምጠው ግቢውን ሲያዩ ሳቁ። ያልሳቀ ማን አለ? ቴክኒሻኑ «ምስሉ ትንሽ ይዘገያል» ሲል፣ «እኛስ መቼ በሰዓቱ ደርሰን እናውቃለን?» ተባለና ታለፈ።

በማግስቱ ኮምፒውተሩን እያየሁ መኪና አስገባሁ። «ቁም!» ሳልል የብረት ድምፅ በመስኮት ሰማሁ። ስክሪኑ ላይ በርሜሉ ገና ደህና ነበር። ከዚያ ሲጨፈለቅ አየሁት።

ሻለቃ ለጥቂት ነው የተረፉት፤ ስልክ ሊያነሱ ተነስተው ነበር። «የደወለችው ሚስቴ ናት» አሉ፤ «ከእንግዲህ ንዝንዟን ችዬ እኖራለሁ።»

ሣጥኗን አልጠላትም። ያለፈውን ለማየት ጥሩ ናት። መኪና የማስገባው ግን በአሮጌው ቴሌቪዥን ነው፤ እሱ ደግሞ በዚህ ሳምንት ይነቀላል ተብሏል። በእኔ ቦታ የሚተኩት የጽዳቷ እትዬ ኮምፒውተሩ ብቻ ሊቀርላቸው ነው። ሻለቃም አዲስ በርሜል አምጥተው እዚያው ተቀምጠዋል። ተነሡ ብላቸው «ጥላ ያለው እዚህ ነው» ይሉኛል። እባካችሁ አይነቀል።

ጤናና ፍቅር አይለያችሁ። ልጆቻችሁ ይደጉላችሁ። የሚያስጠነቅቃችሁ ድምፅ ሁልጊዜ በጊዜው ይድረሳችሁ።

የአባቴ ሥራ ወደ ሌላ ከተማ ስለተዛወረ ነገ ከሰዓት በኋላ እንሄዳለን። ጠዋት ግን እመጣለሁ። እትዬን ሁለቱ ስክሪኖች ፊት አስቀምጬ፣ ወርጄ በርሜሉ አጠገብ እጄን አነሣለሁ። ቴሌቪዥኑ ላይ እጄ ሲነሣ ኮምፒውተሩ ላይ ገና ታች ነው። ሥራ አስኪያጃችንም እንዲያዩት፣ አስቀድሜ በራቸውን አንኳኩቼ እጠራቸዋለሁ። በሬዲዮ አይደለም፤ በአፌ።