ያልተከለከለ ጠመንጃ

ከወንጪ ወደ አምቦ በሚሄደው ላንድሮቨር ውስጥ፣ ከኋላዬ አንድ አስተማሪ አንድን ሽማግሌ ገበሬ ያጫውታል።

«ኦቦ፣ የጠመንጃው ፈቃድ ምን ደረሰ?»

«የአምቦ ምዝገባ ቢሮ ሰዎች እየታየ ነው ይሉኛል። ላስመዝግብ ብዬ በእጄ ወስጄ አስረከብኳቸው። ፈቃዱ እስኪወጣ እኛ ዘንድ ይቆይ አሉ። ክረምት አልፎ ሌላ ክረምት መጣ።»

«ፍርድ ቤት አቤት አይሉም?»

«ብያለሁ እንጂ! ዳኛው ‹ከለከሉህ ወይ?› አለኝ። አልከለከሉኝም አልኩት። ‹እንግዲያው ሲከለክሉህ ና፤ ያልተወሰነውን ምኑን ልሻረው?› አለኝ።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ቢሮ ተመልሼ፣ በሉ ከልክሉኝ አልኳቸው።»

«ምን አሉ?»

«‹ጓድ፣ ምን አጥፍተህ እንከለክልሃለን?›»

«ታዲያ ድንቹን ከከርከሮ በምን ይጠብቁታል?»

«በጩኸት። ከርከሮውም ጩኸቴን ለመደው።»

«የጎረቤትዎስ ማሳ?»

«የእሱማ ደህና ነው። እሱ መች ጠመንጃውን አስመዘገበ!»

«ኧረ ቀስ ይበሉ፣ ሰው ይሰማል!»

የአባቴን ጠመንጃ በጋቢ ጠቅልዬ ላስመዘግብ የተሳፈርኩት እኔ፣ አምቦ ስንደርስ ሳልወርድ በዚያው መኪና ወደ ወንጪ ተመለስኩ።