ሳይወሰድ የቀረ ዘይት

ከካዛንቺስ ወደ ስታዲየም በሚሄድ ታክሲ ውስጥ፣ ከኋላዬ የማይተዋወቁ አንዲት እናትና አንዲት ወጣት ሴት ተቀምጠዋል።

«እማማ፣ ባዶ ጄሪካን ይዘው ከሸማቾች ሱቅ ሲወጡ አየሁዎት። የኮታው ዘይት አልመጣም እንዴ?»

«መጥቷል። ለእኔ ነው የለሽም ያሉኝ።»

«ለምን?»

«ልጄ ከሞተ ወዲህ አልወሰድኩም ነበር። ብቻዬን ምኑን እበላዋለሁ፣ ለሙት ዓመቱ ይጠራቀምልኝ ብዬ እዚያው ተውኩት።»

«ውይ እማማ! ያልወሰዱት እኮ ወሩ ሲያልቅ ይቃጠላል።»

«ማን ነገረኝ? እንደ ዕቁብ መስሎኝ። ዕቁብ ሳይወጣለት የቆየ ሰው መጨረሻ ላይ ይደርሰው የለ?»

«የዚህን ወር እንኳ አይሰጡዎትም?»

«ስሜን ሰርዘውታል።»

«ቀበሌ ሄደው ያመልክቱ በቃ።»

«እዚያም ሄጃለሁ። ‹ይሄን ሁሉ ጊዜ ካልወሰዱ አያስፈልግዎትም ማለት ነው› አለኝ ጸሐፊው።»

«ሙት ዓመቱ መቼ ነው?»

«እሁድ። ዝክር አለኝ ብዬ ጎረቤቱን ሁሉ ጠርቻለሁ።»

«አይዞዎት፣ እማማ።»

«አይዞሽ የሚለኝ እሱ ነበር።»

ከዚያው ሱቅ ተቀብዬ እግሬ ስር ያስቀመጥኩትን የወሩን ዘይት በተረከዜ ገፋ አድርጌ ወንበሩ ስር ደበቅኩት።