ከድንኳን ደጅ የተመለሰው የአዴ ሸዋርጋ ቦሎቄ

የተከበራችሁ አባቶች ካህናት፣ የእድራችን ሽማግሌዎች፣ እናቶች፣ የቡርቃ ጃቶ ሰዎች፣ ከጉቴ ድረስ በጭቃ የመጣችሁ ዘመዶች፤ አካም ጅርቱ? እንዴት ናችሁ? ደህና እንዳልሆናችሁ አያለሁ። እኔም አይደለሁም።

ኢቢሳ እባላለሁ፤ አዴ፣ እናቴ፣ እያልኩ የምጠራት የሸዋርጋ ጎረቤት። የምታውቁኝ ታውቁኛላችሁ። የማታውቁኝ ባጃጄን ታውቋታላችሁ፤ ያቺ ጥሩምባዋ እንደ አህያ የምትጮኸው። ስምንተኛ ክፍልን ሁለት ጊዜ ተምሬ ሁለቴም ያልጨረስኩ ሰው ነኝ። ስለዚህ ንግግሬ ቢወላገድ አትውቀሱኝ። ዛሬ ወቃሹ እኔ ነኝ።

አዴ ሸዋርጋ ርቃ ለምትኖረው ልጇ ለየምሥራች ቃል ትታለች። «ስሞት ኢቢሳ ይናገር፤ ሌላው ሰው አሳምሮ ሌላ ሴት ያደርገኛል» ብላለች። ቄስ ሕሩይም አምስት ደቂቃ ፈቅደውልኛል። ይኸው ሰዓታቸውን እያዩ ነው። አባ፣ እርስዎ ሲሰብኩ እኛ ሰዓት አይተን እናውቃለን?

አሁን ጋሽ ሀብተጊዮርጊስ፣ የሰፈራችን የበዓል ኮሚቴ ሊቀመንበር፣ የሕይወት ታሪኳን አነበቡልን። ጥሩ ድምፅ አላቸው። «ሰው አክባሪ፣ ደግ፣ ባለሙያ እናት ነበሩ» አሉ። ባለሙያ! የምን ባለሙያ? ስሙን ጥሩት እንጂ! አናጢ ነበረች? ልብስ ሰፊ ነበረች? ሁለት ገጽ ሙሉ አነበባችሁ። አባቷ ከሸዋ መቼ እንደመጡ አለ። መቼ እንዳገባች አለ። ቦሎቄ የሚል ቃል ግን የለም። አንድም ቦታ የለም! ሃያ ሁለት መስቀል ያበላቻችሁን ነገር ስሙን መጥራት አሳፈራችሁ?

እንግዲያው እኔ ልጥራው። ቦሎቄ። ይኸው ጠራሁት። መሬት ተሰነጠቀ? አልተሰነጠቀም።

የሰፈራችንን የመስቀል ምሳ ታውቁታላችሁ። በቀኝ በኩል የክርስቲያን ሥጋ፣ በግራ በኩል የሙስሊም ሥጋ። የቀኙ ወደ ግራ አይዘረጋም፣ የግራው ወደ ቀኝ አይዘረጋም። መሐል ላይ ግን አንድ ሰፊ ትሪ ነበረ። የማን ነበር? የእሷ! ቄስ ሕሩይና ባለሱቋ አዚዛ እጃቸው የሚነካካው የት ነበር? እዚያ ትሪ ላይ! ኦቦ ጨመዳ ጴንጤ ናቸው፤ ደመራው ላይ አይቆሙም፤ ምሳው ላይ ግን ቀርተው አያውቁም። የት ነበር የሚቀመጡት? ከትሪው ፊት! አይቆጡ ኦቦ ጨመዳ፣ ዛሬ ተራው የእርስዎ አይደለም።

ትሪው በራሱ የሚሞላ መስሏችሁ ነበር? ስሙኝ። ቦሎቄውን አንድ በአንድ ትለቅማለች። ማታ ትዘፈዝፈዋለች። ጠዋት ያንን ውኃ ደፍታ በሌላ ውኃ ትቀቅለዋለች። በሁለት ጣት ሲጫኑት እሺ ማለት አለበት፤ መፍረስ ግን የለበትም። ከዚያ ውኃውን ታጠልልና በትኩሱ ሎሚ ትጨምቅበታለች። «ትኩስ እያለ ካልጠጣ፣ ከበረደ በኋላ ብትለምነውም አይጠጣልህ» ትለኝ ነበር። ሰናፍጭ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ የኑግ ዘይት፣ ደቆ የተከተፈ ቀይ ሽንኩርት፣ ፍሬው የወጣለት ቃሪያ። ከዚያ ከድና ታሳድረዋለች። ድስቱስ? ሥጋና ቅቤ ነክቶት የማያውቅ ድስት! ለዚህ ብቻ የተቀመጠ፣ ጎረቤት ቢለምናት የማታውሰው። አዚዛ፣ «ከሸዋርጋ ድስት ዓይኔን ጨፍኜ እበላለሁ፣ ወላሂ» ያልሽው አንቺ አይደለሽም? ራስሽን አትነቅንቂ፤ አፍ አለሽ።

እኔ እሷ ላይ ያልሠራሁት ተንኮል የለም። አንድ ዓመት ለቅማ ስትጨርስ ጠብቄ፣ ቦሎቄ የሚመስሉ ሦስት ጠጠሮች ጨመርኩባት። ከወንዝ ነው የመረጥኳቸው፤ ግማሽ ቀን ፈጅቶብኛል፤ ትምህርት ላይ እንዲያ ብተጋ ዛሬ ዳኛ ነበርኩ። ማታውን ሙሉ ሳቄን ይዤ አደርኩ። በማግስቱ «ኢቢሳ፣ ና ቅመስ» ብላ ጠራችኝ። ሰሐን አቀረበችልኝ። ሦስቱ ጠጠሮች! ተቀቅለው፣ ሎሚ ተጨምቆባቸው፣ ሰናፍጭና ዘይት ተቀብተው፣ ላያቸው ላይ ቃሪያ ተከትፎባቸው!

«ምንድን ነው ይሄ አዴ?»

«አንተ ያመጣኸው ነዋ። ብላ። ያንተን ለየብቻ ቀቀልኩልህ።»

«እንዴት አወቅሽ?»

«ቦሎቄ ውኃ ሲጠጣ ያብጣል። እንዳንተ ተዘፍዝፎ ምንም የማይገባው ድንጋይ ብቻ ነው።»

ስምንተኛ ክፍሌን መንካቷ ነው! አያችሁ? ሳቅ የምታውቅ ሴት ነበረች። እናንተ የምትቀብሩት ደግ እናት፣ ሰው አክባሪ ምናምን፣ እሱን አላውቀውም። እኔ የማውቃት ድንጋይ ቀቅላ የምታቀርብ ሴት ናት።

አሁን ወደ አምና ልመለስ። ሳል የያዛችሁ ሳሉና ጨርሱ።

አምና መስቀል ዓርብ ዋለ። ዓርብ! ጾም! በቀኝ በኩል ሥጋ የለም፣ ቅቤ የለም። ቦሎቄዋ ከሁሉ ዓመት ይበልጥ የሚፈለግበት ቀን አልነበረም? ስድሳ ሰው የሚያጠግብ ሠራች። ድስቱን ባጃጄ ላይ ጫንን። እሷ ከኋላ ተቀመጠች፤ ድስቱን በሁለት እጇ አቅፋ፣ አዲስ ነጠላዋን አጣፍታ። የምሳው ድንኳን ደጅ ስንደርስ ጋሽ ሀብተጊዮርጊስ ወጡ።

«እትዬ ሸዋርጋ፣ ዘንድሮስ ባይደክሙ። ከሆቴል ሰላጣ አዘናል።»

«ደርሷል እኮ ጋሽ ሀብቴ። አድሯል።»

«ከላይ የመጡ እንግዶች አሉብን። ለእንግዳ ቦሎቄ ይቀርባል? ምን ይሉናል?»

እኔ «ጋሼ፣ እንግዶቹ ጥርስ የላቸውም እንዴ?» አልኩ። አልሳቁም። እሷም አልሳቀችም። «አዙር ኢቢሳ» አለችኝ።

አርባ ሰው እዚያ ቆሞ ነበር። አርባ! ድስቱን አያችሁ። የሰናፍጩ ሽታ አፍንጫችሁ ገባ። ከአርባ ሰው አንድ ሰው «ኧረ ይግባ» ማለት አቃተው? ሁላችሁም በአንድ ጊዜ ስልክ ተደወለላችሁ? እኔስ? እኔም አዞርኩ። ሳያስፈልግ ቀኑን ሙሉ የምነፋትን ጥሩምባ ያን ጊዜ መንፋት ጠፋኝ። ራሴንም አልተውኩም፤ እየጻፋችሁ ያዙልኝ።

አድርሻት ተመልሼ መጣሁ፤ የሆቴሉን ሰላጣ ላየው። ነጭ ነው። ተከምሯል። ቄስ ሕሩይ ማንኪያ አንስተው አስተናጋጁን ጠየቁት።

«ልጄ፣ ይሄ ነጩ ምንድን ነው?»

«ማዮኔዝ ነው አባ።»

«ከምን ይሠራል?»

«ከንጹሕ እንቁላል ነው አባ! የዛሬ እንቁላል!»

ደረቱን ነፍቶ ነው የነገራቸው፣ ምስኪን። ማንኪያው ተመለሰ። ጿሚው ሁሉ እጁን ሰበሰበ። በመስቀል ቀን ደረቅ ዳቦ በሻይ በላችሁ! እንግዶቹ ሰላጣውን በልተው፣ አመስግነው፣ በመኪናቸው ሄዱ። ስማቸውን የሚያስታውስ አለ? አንድ ሰው? የለም። ቦሎቄው ግን መንገዱን ተሻግሮ ተከድኖ ተቀምጧል። አንድ ሰው ተነስቶ አሥር ቤት መራመድ አቃተው? ደረቅ ዳቦ የቆረጠመ ሰው ለሆዱ ሲል እንኳ አይሄድም?

ከዚያ በኋላ የሆነውን አታውቁም። የስድሳ ሰው ቦሎቄ ለሁለት ሰው ሆነ። አራት ቀን በላነው። በሦስተኛው ቀን «አዴ፣ ባጃጇ ቤንዚን ትታለች፤ በእኔ ሆድ ነው የምትሄደው» አልኳት። ይህን ሰምታ የማትስቅ ሴት አልነበረችም። አልሳቀችም። ቦሎቄውን ስታይ ቆየችና «ኢቢሳ፣ ጨው በዝቶበት ይሆን?» አለችኝ።

ሰማችሁ? ሃያ ሁለት መስቀል ያበላች ሴት ጥፋቱን ከጨው ፈለገችው! ከእናንተ አልፈለገችውም! ገና መጣ፣ ፋሲካ መጣ፤ በመንገድ ስታገኙአት «እንደምን ዋሉ» እያላችሁ አለፋችሁ። እሷ ግን «ጨው ይሆን? ሎሚው ይሆን? እጄ አርጅቶ ይሆን?» ስትለኝ ከረመች። «የአንቺ ጥፋት አይደለም» አልኳት። የእኔን ቃል ማን ያምናል? ዕድሜ ልኬን ስዋሽ የኖርኩ ሰው! እውነት ስናገር የሚያምነኝ ባስፈለገኝ በአንዱ ቀን አላመነችኝም። ሊነግሯት የሚገባቸው ሌሎች ነበሩ። ዓመት ሙሉ በሯ ክፍት ነበር። ማን መጣ? ማን?

አሁን ከዚህ ተመልሰን የለቅሶው ድንኳን ውስጥ እንቀመጣለን። ንፍሮ ይቀርብልናል። ባቄላና ስንዴ። በእጃችሁ እየዘገናችሁ ትበላላችሁ፤ እንግዶችም ይበላሉ፤ ምን ይሉናል የሚል የለም። በሞቷ ጊዜ ያላሳፈረ እህል በሕይወቷ ጊዜ ምን አድርጎ አሳፈረ?

መስቀል አሥር ቀን ቀርቶታል። ኮሚቴው ያንኑ ሆቴል እንዳነጋገረ ሰምቻለሁ። ስለዚህ ጋሽ ሀብተጊዮርጊስ፣ አንድ ጥያቄ አለኝ። ሳጥኑ ገና አልተሸፈነም። የአምናው ቦሎቄ ጨው በዝቶበት ነበር ወይስ አልበዛበትም?

መሬት መሬት አይዩ ጋሼ። እዚያ ያለችው እሷ ናት።

ምን አሉ? አልሰማሁም። ለእኔ አይደለም፤ ለእሷ ይንገሯት። ወደዚህ ቀረብ ይበሉ። ከዘራዎን እኔ ልያዝልዎ።

...

«አልበዛበትም። እኔ ነኝ ያጠፋሁት።» አሏት። ሰማችሁ? ሁላችሁም ሰማችሁ? የዘንድሮውስ? «ሆቴሉ ይቅር፤ የእሷ ይቅረብ» አሉ። አዚዛ «ሰናፍጩ ከእኔ» እያለች ነው። ኦቦ ጨመዳ ደግሞ ሎሚ አለኝ እያሉ ነው። አያችሁ? ሦስት ዓረፍተ ነገር ነበር። ሦስት ዓረፍተ ነገር ለመናገር ዓመት ጠብቃችሁ፣ ሬሳ ጠበቃችሁ!

ጋሼ፣ ከዘራዎን ይያዙ። ይቅር ብላዎታለች ልል አልችልም። ይህን አልነገረችኝም፤ የሌለ ነገር በእሷ ስም አልጨምርም።

አዴ ሸዋርጋ፣ የእኔ ሆደ ሰፊ፣ የእኔ ተሳዳቢ። ይኸው ከራሳቸው አፍ ሰምተሻል። እጅሽ አላረጀም። ከዋዜማው በፊት ባለው ማታ እኔ እዘፈዝፋለሁ፤ የምሥራች ድስቱን ሰጥታኛለች። አበላሸው ይሆናል። ባበላሸው የሚሰድበኝ እንደሌለ ሳስበው ነው ሆዴ የሚባባው። ዕረፊ። ነጋቲ አዴ፤ ደህና ግቢ።

አባ፣ ጨረስኩ። አፈሩን መልሱ። ቀስ ብላችሁ መልሱት። አንድ ጊዜ ገፍታችኋታል።