ፍርድ አግኝተው ወንበር ያላገኙት እኅታችን

ሥራችሁን ጥላችሁ ከሐዘናችን ልትካፈሉ የመጣችሁ ሁሉ፣ የእኅታችንን የሕይወት ጉዞ እንዳነብላችሁ የታዘዝሁት እኔ ታናሽ ወንድማቸው ነኝና፣ ድምፄ ቢሰበር ታገሡኝ።

እኅታችን ከውኃ ፓምፕ ጠጋኙ አባታችንና ከልብስ ሰፊዋ እናታችን የመጀመሪያ ልጅ ሆነው ተወለዱ። ቤታችን አንድ ክፍል ስለነበረ የአባታችን የመሥሪያ ጠረጴዛ፣ የእናታችን የስፌት መኪናና የእኛ አልጋ ተጠጋግተው ይኖሩ ነበር፤ እኅታችንም ከተፈታ ፓምፕ ሥር ተቀምጠው ብሎን ሲለዩ ያደጉ በመሆናቸው፣ ስታድጊ ምን ትሆኛለሽ ብሎ የጠየቃቸው ሁሉ ኢንጂነር ከሚል በቀር ሌላ መልስ አላገኘም።

ዕድሜያቸው ሲደርስ ቴክኒክ ትምህርት ቤት በኤሌክትሪክ ክፍል ገብተው፣ ከወንዶቹ መካከል አንዲት ሴት ሆነው፣ በማዕረግ ተመረቁ። የኢንጂነሪንግ ኮሌጁንም የመግቢያ ፈተና ተፈትነው አለፉ። ሆኖም ሊመዘገቡ በሄዱበት ማለዳ መስኮቱ ላይ አዲስ ማስታወቂያ ተለጥፎ ጠበቃቸው፤ ከዚያ ዓመት ጀምሮ ከቴክኒክ ትምህርት ቤት የመጣ አመልካች፣ ፈተናውን ቢያልፍም እንኳ፣ መስፈርቱን አያሟላም የሚል ነበር። ከተፈተኑ በኋላ የወጣ ደንብ ነው። አብረዋቸው የተመለሱት ጓደኞቻቸው ዕድላቸውን ረግመው ወደየቤታቸው ሲገቡ፣ እኅታችን ግን ክስ መሠረቱ፤ የሠፈሩ ሰው ሰማይ አይታረስ ንጉሥ አይከሰስ እያለ ቢመክራቸውም አልሰሙም።

የመጀመሪያው ፍርድ ቤት መስፈርት ማውጣት የኮሌጁ ሥልጣን ነው ሲል መዝገቡን ዘጋ። ይግባኝ አሉ። ከዚያ የኮሌጁ ነገረ ፈጅ ታመዋል፣ መዝገቡ አልቀረበም፣ ዳኛው ተቀይረዋል እየተባለ ቀጠሮ ቀጠሮን ሲወልድ ዓመታት አለፉ፤ ሠፈርተኛውም ስማቸውን ትቶ እትዬ ይግባኝ ይላቸው ጀመር። እርሳቸውም ሲጠሯቸው አቤት ይሉ ነበር። በዚህ መካከል እናታችን እጅን አጣጥፎ መቀመጥ ያጃጅላል ብለው ስለወተወቷቸው፣ ጠበቃቸውም ምንም አይጎዳም ስላሉ፣ በሌላ ተቋም ለማታ የቅየሳ ትምህርት ተመዘገቡ፤ ብዙም ሳይማሩበት ተዉት፤ ስማቸው ግን ከተቋሙ መዝገብ አልተሰረዘም ነበር።

የመጨረሻው ችሎት ደንቡ ከሕግ ውጭ ነውና ይሰረዝ አለ። አባታችን እዚያው አዳራሽ ውስጥ እንደ ሕፃን አለቀሱ። ዳኛው ግን ንባባቸውን አልጨረሱም ነበር፤ አመልካቿ በሌላ ተቋም የተመዘገቡ ስለሆነና፣ ሌላ ቦታ የተመዘገበን ሰው ኮሌጁ አይቀበልም የሚል ያልተሻረ አንቀጽ ስላለ፣ ለእርሳቸው የሚሰጥ ዳኝነት የለም አሉ። በእርሳቸው ክስ ሌሎች ገቡ፤ እርሳቸው ውጭ ቀሩ። ይህን ሳነብ ዛሬም ደሜ ይፈላል።

ከዚያ ወዲያ ጉልበታቸው እስኪደክም ድረስ፣ ከአንድ ጋራዥ ጀርባ በነበረች ጠባብ ወርክሾፕ፣ የተቃጠሉ ሞተሮችን ሽቦ እየጠመጠሙ ኖሩ። ባለቤታቸውን፣ የቤት ቀለም ቀቢውን፣ ያገኟቸው በፍርድ ቤቱ አግዳሚ ወንበር ላይ፣ ባለቤታቸው በአጥር ክርክር ተከሰው ተራ ሲጠብቁ ነበር፤ ከዚያ ሁሉ ክርክር የተረፈኝ እሱ ብቻ ነው እያሉ ያሾፉባቸው ነበር። ትዳራቸው በአንዲት ሴት ልጅ ተባረከ። ልጃቸው በዚያው ኮሌጅ እንድትማር አጥብቀው ቢለምኗትም፣ የእናቴን ዕድሜ የበላ ግቢ አልረግጥም ብላ ነርስ ሆነች፤ እኅታችንም በአፋቸው ይሁን ቢሉም፣ በሆዳቸው ሲያዝኑበት እንደኖሩ እኛ እናውቃለን።

ሳንባቸው ታሞ አልጋ ሲይዙ ያስታመመቻቸው ይህችው ልጃቸው ናት። በመጨረሻው ሰሞን፣ ደንቡ ከተሻረ በኋላ የተማረ አንድ ኢንጂነር ሊጠይቃቸው መጥቶ፣ ባለውለታዬ ነዎት ብሎ እጃቸውን ሊስም ሲያጎነብስ፣ እጃቸውን ነጥቀው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። ትሕትና መስሎን ነበር፤ እንግዳው ከወጣ በኋላ ግን ቀናሁበት፣ ይኸው እስከ ዛሬ ቀናሁ ብለው ተንሰቀሰቁ። ከዚያ በኋላ ብዙም ሳይናገሩ ዐረፉ።

ይህን ጽሑፍ ስናዘጋጅ፣ ቢያንስ ዛሬ ኢንጂነር ብላችሁ ጥሯቸው ያሉን ወዳጆች ነበሩ። ከፍቅር እንደሆነ አልጠፋንም። ነገር ግን በሕይወት ሳሉ የተነፈጉትን በሬሳ ሣጥናቸው ላይ ብንለጥፍላቸው በደሉን መሸፈን መስሎ ስለታየን፣ አላደረግነውም።

እኅታችን ባለቤታቸውን፣ ልጃቸውን፣ ሁለት የልጅ ልጆቻቸውንና እኔን ወንድማቸውን ትተው አልፈዋል። ፈጣሪ ለእኛ መጽናናቱን ይስጠን፤ እርሳቸውን ግን ደጅ ሳያስጠና ይቀበላቸው።