ገጽ አርባ አንድ ላይ ያለችው ምልክት

— ሄሎ?... አቤት፣ ማን ልበል?... አንተ! አቶ ለምን ነህ እንዴ? ድምፅህ ጎርንኖ እኮ አላወቅሁህም። መምህርህ ያወጣልህ ስም ዛሬም ከአፌ አልወጣም፣ አትቀየመኝ... ደህና ነን፣ ይመስገን። መምህርህም አሁን ገና መድኃኒቱን ውጦ ጋደም አለ።

— ከእኔ ጋር? መጽሔታችሁ ልብስ ሰፊ ማማከር ጀመረ እንዴ?... እሺ፣ አልቀልድም። ቆይ፣ በሩን ገርበብ ላድርገው... በል።

— ከመምህርህ ጽሑፍ፣ ገጽ አርባ አንድ...

— ሄሎ... አለሁ፣ አለሁ። ስልኩ አይደለም፣ ወንበር ስስብ ነው።

— ሦስተኛው መስመር ላይ፣ አዎ። መደመር መሆን የለበትም፣ መቀነስ ነው... እንዴት አወቁ ትለኛለህ? ያንን ዶሮ የጫረችው የሚመስል ጽሑፉን ሃያ ዓመት ሙሉ በንጹህ ወረቀት የገለበጥኩት ማን ሆነና?... አይ፣ አልተሳሳትኩም ልጄ። አውቄ ነው።

— ሰማኸኝ። አውቄ ነው ያደረግኩት።

— እኔ ሒሳቡን አላውቅም፣ ፊቱን ግን አውቃለሁ። ልጃችንን ውሃ ከወሰደብን ወዲህ መምህርህ ቆሞ የሄደው በዚያች ሐሳቡ ነው። ምን ነበር የምትሏት?... አዎ፣ «የብዙ ጊዜ ህላዌ»። ለእኔ ያስረዳኝ መቁረጫ ጠረጴዛዬ ላይ ጣቃ ጨርቅ ዘርግቶ ነው። «ፍጡር ማለት ይሄ ጣቃ ነው፣ እኛ የምናየው መቀሱ ያረፈበትን ብቻ ነው፣ የቀረውም አልጠፋም፣ ተዘርግቶ አለ» አለኝ። ልጃችንም በዘጠኝ ዓመቱ እዚያው ደጃፍ ላይ ቁጭ ብሎ ጫማውን እያሰረ አለ ማለት ነው። እኔም አመንኩ። ምን ልበልህ፣ ደስ ብሎኝ አመንኩ።

— እሱን ልነግርህ እኮ ነው... የዛሬ ሃያ ዓመት አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ያቺን መስመር ጽፎ ብዕሩን ጣለ። «መቀነስ ሆኖ ወጣ» አለኝ። ያለፈው ጊዜ ይጠፋል፣ ልጁ የትም የለም ማለት ነው። ኮት እንኳ ሳይደርብ ወጥቶ ዝናብ ላይ ቆመ። አንጀቴ አልቻለም። ስገለብጥ በዚያች ሰረዝ ላይ ከላይ ወደ ታች አንዲት መስመር አሰመርኩባት። በቃ፣ መደመር ሆነች። ገብቶ አነበበው፣ ከዚያ ተቀምጦ ወደሚቀጥለው ገጽ አለፈ። መጀመሪያ የተሳሳተው እሱ ራሱ መስሎት ነው ብዬ ዝም አልኩ።

— ለመጽሔታችሁ የላክሁትም እኔ ነኝ። እሱማ ይቅር፣ ይቅር ብሎ ነበር። እኔ ነኝ ሰው ይወቅለት ያልኩት... አዎ፣ ሌላውም ይህን ተከትሎ እንደሚሳሳት ይገባኛል። ግን ይሄን ክረምት ብቻ ታገሰኝ። ሐኪሙ ከክረምት አያልፍም ብሎኛል። እሱ ሳያውቅ ይሂድልኝ። ከቤቴ ስንት ዓመት በላህ ጠጣህ፣ እስቲ አንድ ጊዜ ልለምንህ...

— ስህተቱን የሚነግረው ደብዳቤ ከእናንተ ወጣ? መቼ?... ዛሬ ጠዋት። ወይኔ።

(— ለምን ተነሳህ አንተ? በባዶ እግርህ... ማንም አይደለም... ከመቼ ጀምሮ ነው እዚያ የቆምከው?)

— ትሰማኛለህ? በሩ ላይ ቆሟል።

(— አዎ፣ እሱ ነው፣ ተማሪህ። ስለ ገጽ አርባ አንድ። የተሳሳተው እሱ አይደለም፣ አንተም አይደለህም፣ ምልክቷን የቀየርኩት እኔ ነኝ... ምን?... ምን አልክ?)

— ሄሎ... ያውቃል። ያን ቀን ከዝናቡ ሲገባ ነው ያየው። ቀለሙ ገና አልደረቀም ነበር ይላል። «አንቺ እንድትበረቺ ብዬ ተውኩት» ይለኛል... እኔ ለእሱ ስል፣ እሱ ለእኔ ሲል። ሃያ ዓመት፣ ልጄ። ሃያ ዓመት።

(— ና፣ እዚህ ተቀመጥ። እጅህን ስጠኝ... ሞቷል። አዎ። ልጃችን ሞቷል።)

— አይ፣ አንተ ምን አጠፋህ? እውነቱን ነው የነገርከኝ... የለም፣ ዛሬ አትምጣ። ነገ ና... ልዘጋው ነው። እኔና እሱ ለዚህ ልጅ አንድም ቀን አብረን አላለቀስንም። በል፣ ደህና ዋል። ይኸው እሱ ጀምሯል።