ጋሽ አምዴ በቁማቸው አረፉ

ሃያ ሁለት አካባቢ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ባለው የ«ድንገቴ ሚዲያ» ስቱዲዮ፣ ከቀኑ ሰባት ሰዓት ላይ፣ ጡረታ የወጡት የራዲዮ እግር ኳስ አስተላላፊ ጋሽ አምዴ ይመር ትናንት ማታ ሞታቸውን ካወጀችው ከሚዲያው ባለቤትና አዘጋጅ ከሶስና ጋር ተፋጠዋል።

ጋሽ አምዴ፦ ወንድሜ ሊቀብረኝ ከደሴ ተሳፍሯል እያልኩሽ ነው! ሌላ ምንም አልጠየቅሁሽም። «አምዴ ይመር አልሞተም፤ ተሳስተናል» በይ። አራት ቃል ናት።

ሶስና፦ ሦስቱን እልልዎታለሁ። አራተኛዋ ናት የከበደችኝ።

ጋሽ አምዴ፦ «ተሳስተናል» ማለት ከበደሽ?

ሶስና፦ ጋሽ አምዴ፣ እኛ የምንሠራው በምንጭ ነው። መሞትዎን የነገሩን ሦስት ምንጮች ናቸው። አለሁ የሚሉት ግን እርስዎ ብቻ ነዎት።

ጋሽ አምዴ፦ ስንት ሆኜ ልምጣ ታዲያ?

ሶስና፦ አይቆጡ። አሠራሩን ነው ያስረዳሁዎት።

ጋሽ አምዴ፦ እነማን ናቸው ሦስቱ?

ሶስና፦ ምንጭ አይገለጽም።

ጋሽ አምዴ፦ ሟቹ እኔ ነኝ! እንዴት እንደሞትኩ ማወቅ መብቴ አይደለም?

ሶስና፦ እሺ። አንዱ ሰፈርዎ ያለ ተከታታያችን ነው፤ በርዎ ላይ የለቅሶ ድንኳን ተተክሎ አይቶ ፎቶ ላከልን። ሁለተኛው ያንን ፎቶ የለጠፈ የቴሌግራም ቻናል ነው። ሦስተኛው ከቴሌግራሙ የወሰደ የፌስቡክ ገጽ።

ጋሽ አምዴ፦ አንድ ድንኳን ሦስት ጊዜ አያችኋ! ድንኳኑ የጎረቤቴ የወይዘሮ ፈለቁ ነው፤ ነፍሳቸውን ይማር። የሳቸው መግቢያ ሁለት ሰው ጎን ለጎን አያሳልፍም። ሰፊ ቦታ ያለው እኔ በር ላይ ስለሆነ እድሩ ሰው በሞተ ቁጥር እዚያ ነው የሚተክለው። ባንቺ አያያዝ እኔ በዓመት አራት ጊዜ እሞታለሁ።

ሶስና፦ ፎቶው ላይ እኮ ሰው ያለቅሳል።

ጋሽ አምዴ፦ ለቅሶ ቤት ምን ያድርግ? ቆይ፣ ይሄን መልሺልኝ። ቪዲዮው ሁለተኛው ደቂቃ ላይ ጋቢ የለበሰ ሽማግሌ አለ። ቀይ ክብ አድርጋችሁበታል፣ ከሥሩ ዋሽንት ታስነፋላችሁ። ምን ብላችሁ ነው የጻፋችሁበት?

ሶስና፦ «በሐዘን የተሰበሩት ወንድማቸው»።

ጋሽ አምዴ፦ በይ አሁን ፊቴን እዪው። ደህና አድርገሽ እዪው።

ሶስና፦ ወይኔ!

ጋሽ አምዴ፦ እኔ ነኝ! ንፍሮ እየቆረጠምኩ ነበር! ለራሴ ለቅሶ አስቀመጥሽኝ!

ሶስና፦ ፊትዎ ግን በጣም ያሳዝን ነበር።

ጋሽ አምዴ፦ ሽምብራው ስላልበሰለ ነዋ!

ሶስና፦ ሰዉ እኮ ያን ፊት አይቶ ነው ሼር ያደረገው።

ጋሽ አምዴ፦ ርዕሱስ? «ጋሽ አምዴ ከማረፋቸው በፊት የተናገሩት አስደንጋጭ የመጨረሻ ቃል»። አስራ አንድ ደቂቃ ቁጭ ብዬ ጠበቅሁ። ምንድን ነው ያልኩት?

ሶስና፦ እሱ እስከ መጨረሻው እንዲታይ ብለን ነው።

ጋሽ አምዴ፦ እስከ መጨረሻው አየሁት እኮ! የለም!

ሶስና፦ አዩት አይደል? ሠርቷል ማለት ነው።

ጋሽ አምዴ፦ ልጄ፣ አታናጂኝ። ታች ያለው ጥበቃ ሲያየኝ አማተበ። ታክሲ ውስጥ አንዲት ሴትዮ ድምፄን ሰምታ ከመውረጃዋ በፊት ወረደች። እሱስ ይሁን፣ ከሰው ጋር ስቄ አሳልፈዋለሁ። ወንድሜ እሸቴ ግን መንገድ ላይ ነው። ሌሊት ሰምቶ በማለዳው መኪና ተሳፍሯል።

ሶስና፦ ይደውሉላቸዋ!

ጋሽ አምዴ፦ የሱ ልጅ ናት ዛሬ ጠዋት ለልጄ የደወለችላት። እሸቴ ከድንጋጤው የተነሳ ስልኩን ጠረጴዛ ላይ ረስቶት ነው የወጣው። አሁን ደብረ ሲና ምሳ ላይ ይሆናሉ። እሱ ስልክ ባይዝ አብሮት የተሳፈረው ሰው ሁሉ ያንቺን ቻናል ነው የሚያየው።

ሶስና፦ ያያል። በዚያ መስመር ብዙ ተከታታይ አለን።

ጋሽ አምዴ፦ እንግዲያው በአሁን ሰዓት ብትናገሪ ይሰማል። ወይ ይመለሳል፣ ወይ... አላውቅም። ግን እያለቀሰ መጥቶ በር ላይ ቆሜ ቢያገኘኝ፣ እኔው ራሴ ያስወራሁት ነው የሚመስለው። «ሚዲያውን ያውቅበታል፣ ጓደኞቹ ናቸው» ነው የሚለኝ።

ሶስና፦ ለምን እንደዚያ ይላሉ? ወንድምዎ አይደሉ?

ጋሽ አምዴ፦ ሠላሳ ስምንት ዓመት አልተነጋገርንም።

ሶስና፦ ሠላሳ ስምንት? እኔ እንኳን አልተወለድኩም ነበር።

ጋሽ አምዴ፦ በይ አርሚውና ልሂድ።

ሶስና፦ እንዲህ ብናደርገውስ፦ «የጋሽ አምዴ የጤና ሁኔታ እየተሻሻለ ነው»።

ጋሽ አምዴ፦ ከምኑ? ከሞቱ?

ሶስና፦ ወይም «ሐኪሞችን ያስደነገጠው የጋሽ አምዴ መመለስ»።

ጋሽ አምዴ፦ የትኛው ሐኪም ነው የደነገጠው? ዘንድሮ ለጉንፋን እንኳን አልታየሁም።

ሶስና፦ ጋሽ አምዴ፣ አንድ ሐቅ ልንገርዎት፣ አይከፉብኝ። አምና እዚሁ ወንበር ላይ ተቀምጠው ቃለ መጠይቅ ሠርተንልዎት ነበር። ስንት ሰው ያየው ይመስልዎታል?

ጋሽ አምዴ፦ ስንት?

ሶስና፦ ስልሳ አራት። ከነሱ አስሩ እኔ ነኝ፤ ድምፁን ሳስተካክል። ሲሞቱ ግን ከትናንት ማታ ጀምሮ ሦስት መቶ አስራ ሁለት ሺህ! «የልጅነቴ ድምፅ» እያለ የሚያለቅሰው ብዛቱ። ሰው ይወድዎታል እኮ!

ጋሽ አምዴ፦ ሲወደኝ ለመስማት መሞት ነበረብኝ?

ሶስና፦ እኔ አይደለሁም ያመጣሁት፤ ሰዉ ነው። አሁን ለሦስት መቶ ሺህ ሰው ወጥቼ ተሳስተናል ብል ነገ ማን ያምነኛል?

ጋሽ አምዴ፦ ምን አልሽ?

ሶስና፦ ነገ ማን ያምነኛል አልኩ። ምነው? ምነው ቁጭ አሉ? ውሃ ላምጣልዎት?

ጋሽ አምዴ፦ አለቃዬን መሰልሽኝ። ልክ በሳቸው ቃል ነው የተናገርሽው።

ሶስና፦ የትኛው አለቃ?

ጋሽ አምዴ፦ የራዲዮው። በሰባ ዘጠኝ ዓመተ ምሕረት። የፋብሪካዎች ዋንጫ ፍጻሜ ነበር፤ ጥጥ ፋብሪካና ቆርቆሮ ፋብሪካ። ባዶ ለባዶ ሆነው ሰማንያ ስድስተኛው ደቂቃ ላይ ዳኛው ኳሷ እጅ ነካች ብሎ ለጥጦች ፔናሊቲ ሰጠ።

ሶስና፦ እርስዎ ደግሞ የቆርቆሮ ደጋፊ ነበሩ።

ጋሽ አምዴ፦ ማን ነገረሽ?

ሶስና፦ ፊትዎ።

ጋሽ አምዴ፦ ነበርኩ። አስተላላፊ ወገን የለውም ይባላል እንጂ ነበርኩ። ከተቀመጥኩበት ኳሷ ደረት የመታች መሰለኝ። መሰለኝ ነው የምልሽ። ማይክ ይዤ፣ አገር ሁሉ እየሰማኝ፣ «ይሄ ዳኛ ዛሬ ፊሽካውን የሚነፋው በአፉ አይደለም፣ በኪሱ ነው» አልኩ።

ሶስና፦ ኧረ! ገንዘብ በላ አሉት? በቀጥታ ስርጭት?

ጋሽ አምዴ፦ ሰው ወደደው። በነጋታው ሻይ ቤቱ ሁሉ «በኪሱ፣ በኪሱ» ይል ነበር።

ሶስና፦ በዛሬ ቋንቋ ቫይራል ወጥተዋል ማለት ነው።

ጋሽ አምዴ፦ ምን እንደወጣሁ እንጃ። በአራተኛው ቀን ጋዜጣ ላይ ፎቶው ታተመ። የቆርቆሮው ተከላካይ ክንዱን እንደ ትራፊክ ዘርግቶ፣ ኳሷ መዳፉ ላይ ቁጭ ብላለች። ፎቶውን ይዤ አለቃዬ ዘንድ ገባሁና «እንረም» አልኳቸው። «አምዴ፣ ራዲዮ ተሳሳትኩ ካለ ነገ ማን ያምነዋል?» አሉኝ።

ሶስና፦ እርስዎስ ምን አሉ?

ጋሽ አምዴ፦ እሺ ጌታዬ አልኩና ወጣሁ።

ሶስና፦ በቃ?

ጋሽ አምዴ፦ በቃ። ከዚያ በኋላ አስራ ዘጠኝ ዓመት አስተላለፍኩ። አንድ ቀን ጨዋታው ሲቀዘቅዝ ባነሳውስ እያልኩ፣ አላነሳሁትም። ዳኛው ልጆቹ ትምህርት ቤት «በኪሱ» እየተባሉ ሲያለቅሱበት ፊሽካውን ሰቅሎ ደሴ ገባ፤ የስፖርት አስተማሪ ሆነ። እናታችን ስትሞት እንኳን ድንኳኑ ውስጥ እሱ በአንድ ጥግ፣ እኔ በሌላ ጥግ ነበርን።

ሶስና፦ እናታችን? ቆይ ጋሽ አምዴ፣ ዳኛው...

ጋሽ አምዴ፦ እሸቴ ነው።

ሶስና፦ ወንድምዎን ነው በራዲዮ ሌባ ያሉት?

ጋሽ አምዴ፦ ወንድሜ መሆኑን አድማጭ አያውቅም ነበር። የሚያውቁን ባልደረቦቼ ለወንድሙ አዳላ ብለው እንዳያሙኝ ጭራሽ አበዛሁት።

ሶስና፦ ጋሽ አምዴ፣ እኔ ቢያንስ የማላውቀውን ሰው ነው የገደልኩት።

ጋሽ አምዴ፦ ልክ ነሽ።

ሶስና፦ እንግዲያው ይስሙኝ፣ እውነቴን ነው። በሠላሳ ስምንት ዓመት አንድ ቀን እንኳን ወደ እርስዎ ያልመጣ ሰው ዛሬ እየመጣ ነው። ማን አመጣው? እኔ። አሁን ካረምኩት ከደብረ ሲና ይመለሳል። ዝም ካልን አስራ አንድ ሰዓት ላይ በርዎ ላይ ነው። ድንኳኑም አለ። እያለቀሰ ይገባል፣ ያቅፉታል፣ አለቀ።

ጋሽ አምዴ፦ አስራ አንድ ሰዓት ነው የሚደርሰው?

ሶስና፦ ቢዘገይ አስራ አንድ ተኩል። አራት ሰዓት ነው የቀረው። ሦስት መቶ ሺህ ሰው መሞትዎን ካመነ ወዲያ፣ አራት ሰዓት ቢጨመርበት ምን ይጎዳል?

ጋሽ አምዴ፦ እስከ አስራ አንድ ሰዓት ሞቼ ልቆይ?

ሶስና፦ እዚሁ ቁጭ ይበሉ፤ ሰው እንዳያይዎት። ምሳ አዝዝልዎታለሁ። ቀጥሎ በመኪናዬ አደርስዎታለሁ።

ጋሽ አምዴ፦ ካሜራስ?

ሶስና፦ አንዲት ትንሽ። ጥግ ላይ።

ጋሽ አምዴ፦ እሸቴ ቁመቱ ረዥም ነው። ድንኳን ሲገባ ጎንበስ ይላል። በእናታችን ለቅሶ ጊዜ አይቼዋለሁ።

ሶስና፦ አዩ? አሁኑኑ ታየዎት።

ጋሽ አምዴ፦ ታየኝ። ይገባል፣ ያለቅሳል፣ ይቅር ይላል። ይቅር የሚለው ግን ሬሳውን ነው። እኔን ቀና ብሎ ሲያየኝ ደግሞ እንደተዋሸ ያውቃል። በአንድ ዕድሜ ሁለት ጊዜ፣ በአንድ ሰው፣ በሚዲያ። አይሆንም። ተነሽ።

ሶስና፦ ወዴት?

ጋሽ አምዴ፦ ካሜራሽን አብሪው። እራሴ እናገራለሁ።

ሶስና፦ ቃለ መጠይቅ ይሰጡኛል? በብቸኝነት? ለሌላ ቻናል ሳይሰጡ?

ጋሽ አምዴ፦ ላንቺ ብቻ። አንድ ነገር ግን አለኝ፤ ቀጥታ ይሁን። የሚቆረጥና የሚቀጠል አልፈልግም። እኔ ያደግሁት በቀጥታ ስርጭት ነው።

ሶስና፦ ላይቭ ይሁን! እንደውም ላይቭ ይሻላል! እዚህ ይቀመጡ። «ሰበር፦ ጋሽ አምዴ ራሳቸው ቀረቡ»። ስለ ስህተት ምናምን ማንሳት እንኳን አያስፈልግም፤ እርስዎ ሲታዩ ይበቃል። ማይኩን ደረትዎ ላይ... እንዲህ። ኧረ ገና ርዕሱን ስጽፍ አራት ሺህ ሰው ገባ!

ጋሽ አምዴ፦ ደብረ ሲና ኔትወርክ አለ?

ሶስና፦ አለ፣ አለ። ስድስት ሺህ! ሌንሷን ይዩ። ሦስት፣ ሁለት፣ አንድ፣ ገብተዋል።

ጋሽ አምዴ፦ ጤና ይስጥልኝ የተከበራችሁ አድማጮች። አምዴ ይመር ነኝ። በሰባ ዘጠኝ ዓመተ ምሕረት የፋብሪካዎች ዋንጫ ፍጻሜ፣ ሰማንያ ስድስተኛው ደቂቃ ላይ ለጥጥ ፋብሪካ የተሰጠው ፍጹም ቅጣት ምት ትክክል ነበር። ኳሷ እጅ ነክታለች። ዳኛው እሸቴ ይመር ከማንም ምንም አልተቀበለም። በኪሱ ነው ብዬ የተናገርኩት ሐሰት ነው። በአራተኛው ቀን ሐሰት መሆኑን አውቄ ዝም ብያለሁ። ተሳስቻለሁ። እሸቴ፣ ከመኪናው ወርደህ ብትመለስም አልቀየምህም። ብቻ ይሄን ሳትሰማ አትመለስ።

ሶስና፦ ጋሽ አምዴ፣ ኧረ ቀስ! አስራ ስምንት ሺህ ሰው ገብቷል። ኮሜንቱ «ሞተዋል አላላችሁም ወይ?» እያለ ነው። ስለ ፔናሊቲ ማን ጠየቀዎት? አልሞትኩም ይበሏቸው እንጂ!

ጋሽ አምዴ፦ እሱ የኔ ስህተት አይደለም፣ ልጄ። ማይኩ ይኸውልሽ።